በሟች ስም የተሰቀለችው አጋዘን

ዘርይሁን በስደት በሚኖርበት ሬክስዴል በተባለ ሰፈር፣ በቤቱ ጋራዥ ውስጥ በደረቱ ተደፍቶ ተገኘ። ማጅራቱ በመዶሻ ተመትቷል። ከበላዩ ሆዷ የተዘረገፈ አጋዘን በገመድ ተንጠልጥላለች፤ ጆሮዋ ላይ የታሰረው የአደን ታግ፣ አንድ አጋዘን ብቻ ለመግደል የሚፈቅደው ወረቀት፣ የሟቹን ስም ይዟል። ዕለቱ እሑድ፣ ኖቬምበር 13 ቀን 1994 ነበር።

ሚስቱ ተሻለች ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ አገኘችው። ፖሊስ ከጠራች በኋላ የደወለችው ለሻምበል ውብአለም ነው። ሻምበል አዲስ አበባ ሃያ ዓመት ወንጀል ሲመረምሩ የኖሩ፣ ዛሬ ሴንት ጄምስ ታውን በተባለ ሰፈር የአንድ ሕንፃ ጥበቃ የሆኑ ሴት ናቸው። ሥራቸው ተለወጠ እንጂ ዓይናቸው ያው ነው።

«ያፌትን ሊወስዱብኝ ነው!» አለች ተሻለች በሩ ላይ። «ያሳደግኩት የወንድሜ ልጅ ነው፤ ይድረሱልኝ!»

ዓርብ አመሻሽ ያፌትና ዘርይሁን ሲጯጯሁ ጎረቤት ሰምቷል። ለፖሊሱ ይህ በቂ ነበር። ሻምበልን ግን ይህ አላሳመናቸውም።

«ምን አጣላችሁ?» ሲሉ ያፌትን ጠየቁት።

«አምና የአደን ሪፖርት ካርዴን ሜይል ስላላደረግኩ ነው። ‹አንድ ታግ፣ አንድ አጋዘን! ገደልክም አልገደልክም ካርዱን ትልካለህ!› ብሎ ጮኸብኝ። ዓርብ እሱን ከጫካ ድራይቭ አድርጌ ያመጣሁት እኔ ነኝ። ካሩ ውስጥ ምንም ዲር፣ ምንም አጋዘን አልነበረም፣ አይ ስዌር፣ እምላለሁ!»

ከነዘርይሁን ጋር የሚያድኑት ጋሽ ገረመው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «እኔ እግሬን አሞኝ ሐሙስ ተመለስኩ። ሌላው የአደን ጓደኛችን ዘውዴ ግን ቅዳሜንም እዚያው ዋለ። አምና ከኮታው በላይ ገድሎ ተቀጥቷል፤ ከደገመው ጠመንጃውንም ፈቃዱንም ይነጥቁታል።»

ዘውዴ ከሁሉም በላይ እያለቀሰ ነበር።

«ኖቬምበር አሥራ አንድ ጠዋት ዘርይሁን ራሱ ተኩሶ ጣላት» አለ። «ሕጉ እንደሚለው እዚያው ታጉ ላይ ከታተሙት ቁጥሮች የዕለቱን ቀን በቢላ ቆርጦ አውጥቶ አሰረባት። ያፌት መኪና ላይ ጭነን ላክናት።»

«ጉበቷስ?» አሉ ሻምበል።

«ወዲያው በላነው እንጂ፣ ሻምበል! ትኩሱን በሚጥሚጣ እየነከረ ‹ቅመስ› ሲለኝ አሁንም ይታየኛል።»

ሻምበል ጎንበስ ብለው ወለሉን መረመሩ። ከዚያ ሁሉም እንዲሰበሰቡ ጠየቁ፣ ፖሊሱም ጭምር።

«ደሙ ላይ የተጣበቀችውን ብጣሽ ወረቀት እዩ» አሉ። «11 ትላለች፤ ከታጉ ተቆርጣ የወጣችው ቀን ናት። ጫካ ተቆርጣ ቢሆን ጫካ በቀረች። የወደቀችው እዚህ፣ ደሙ ሳይደርቅ ነው። ስለዚህ ታጉ የተቆረጠው ዘርይሁን ከወደቀ በኋላ ነው።»

«ያው ያፌት ነዋ!» አለ ዘውዴ።

«ያፌት አጋዘን ከየት ያመጣል? ቅዳሜ ጫካ የዋልከው አንተ ነህ። የራስህን ታግ ተጠቅመህ ጨርሰህ ሁለተኛ ገደልክ። ዛሬ ዘርይሁንን ታግህን ስጠኝ አልከው፤ እምቢ ሲልህ በመዶሻ መትተህ ታጉን ወሰድክበት፤ አጋዘንህንም በስሙ ሰቀልካት። ቅዳሜ እሱ ቤቱ ስለነበር ቀኑን አሥራ አንድ አደረግከው። ቁጥሩን ቆረጥክ እንጂ ዕለቱን አላሰብክም። አሥራ አንድ ዓርብ ነበር። ተሻለች፣ ባልሽ ዓርብ ጉበት ይበላል?»

«ዘርይሁን?» ተሻለች የሰማችውን ማመን አቃታት። «ድሮ ታስሮ በነበረ ጊዜ እንኳ በዓርብ ሥጋ በአፉ ዞሮ አያውቅም!»

ዘውዴ ግንባሩን ጠረገ። «እሺ፣ ጉበቱን የበላሁት እኔ ልሁን። አጋዘኗ ግን የሱ ናት። አልገደልኩም ሲል የሰማ አለ?»

ተሻለች ድንገት ቦርሳዋን ከፈተች። የታሸገ ፖስታ አወጣች። «ጠዋት ወደ ቤተ ክርስቲያን ስወጣ ‹ፖስታ ሳጥን ውስጥ ጣይልኝ› ብሎኝ ነበር። ረሳሁት።»

ፖሊሱ ፖስታውን ቀደደው። የአደን ሪፖርት ካርዱ በዘርይሁን ጥንቁቅ ጽሕፈት ተሞልቷል፤ ፊርማውና የዛሬው ቀን አለበት። የገደለው አጋዘን ብዛት፣ ዜሮ።

የዘውዴ ዓይን እጁ ላይ ካቴና ሲገባ እንኳ ካርዱ ላይ ነበር።

የፖሊሱ መኪና ዘውዴን ይዞ ከሄደ በኋላ ያፌት ወደ ተሻለች ተጠጋ።

«አክስቴ፣ የኔንም ካርድ ዛሬ ሞልቼ ሜይል አደርጋለሁ» አላት።

ተሻለች እስከዚያ የያዘችው ለቅሶ ያን ጊዜ ወጣ።