ያልተገለበጡት ወንበሮች

ማላኪን ያወቅኩት ልዋሸው ሄጄ ነው። ደቡብ ቦስተን ውስጥ እኛ አይሪሾች በምናነበው ሳምንታዊ ጋዜጣ ማተሚያ ቤት የብረት ፊደላቱን እየለቀመ የሚደረድር ፊደል ለቃሚ ነበር። በወንድ ስም የጻፍኩትን ታሪክ አቀበልኩትና አጎቴ እንደላከኝ ነገርኩት።

እዚያው ቆሞ አነበበው። ታሪኩ የሚስቱን ሁለት የፊት ጥርሶች በቡጢ ስላወለቀ የወደብ ሠራተኛ ነው። ስም አልጠቀስኩም እንጂ ሰውየው አባቴ ነበር። ማላኪ ሲጨርስ ወረቀቱን አገላብጦ አየውና ቀና አለ።

«አጎትሽ ሊጥ እያቦካ ነው እንዴ የሚጽፈው?»

እጄን አየሁት። እስከ ክርኔ ዱቄት ነበር።

«አንተ የሜዮ ሰው ነህ አይደል? ነገረኛነትህ ያስታውቃል» አልኩት።

«አንቺ ደግሞ የኮርክ። ኩራትሽ ያስታውቃል።»

ከዚያን ቀን ወዲያ ልቤ የእኔ አልሆነም። ቤታችን ግን የሜዮ ሰው ስሙ የሚነሳው ለስድብ ብቻ ነበር። ከሁለቱ የአየርላንድ አውራጃዎች፣ ከኮርክና ከሜዮ የመጡት ሰዎች ወደቡ ላይ ለሥራ ሲሻሙ፣ ዕቃ በሚያወርዱበት መንጠቆ ይቀዳደዱ ነበር። የወንድሜ የኮርማክ ጉንጭ ላይ ያለው ጠባሳም የሜዮ መንጠቆ የተወው ነው። ክረምቱን ሙሉ ከማላኪ ጋር የተገናኘነው ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ፣ ተደብቀን ነው። የጻፍኩትን ያነብልኛል፤ ይስቅብኛል፤ ከዚያ የቀዘቀዙ እጆቼን ኪሱ ውስጥ ይከታቸዋል።

ታሪኩ ጋዜጣው ላይ በወጣ ማግስት ሰፈሩ አባቴን አወቀው። መጠጥ ቤት ሲገባ ሰዎች አፋቸውን በእጃቸው እየሸፈኑ ሳቁበት። የዚያን ቀን ከኮርማክ ጋር ወጥቶ፣ የጣቶቹ አንጓ ተልጦ ደም በደም ሆኖ ተመለሰ። ማንን እንደመታ አልጠየቅኩም። በእኛ ቤት እንዲህ ያለው ነገር የሰርክ ነበር።

እኔ የሰማሁት ሌላ ወሬ ነው። ያ የማተሚያ ቤቱ የሜዮ ልጅ ታሪኩን የጻፍኩት እኔ ነኝ ብሎ አፉን ሞልቶ ተናገረ አሉኝ። ደሜ ፈላ። በዚህ ዓለም የእኔ የምለው ያ ጽሑፍ ብቻ ነበር! ቤቱ ድረስ ሄጄ በሩን ደበደብኩት፤ አልከፈተልኝም።

«ሌባ ነህ» አልኩት ከውጭ ሆኜ። «እኔን ብትተወኝ ይሻለኝ ነበር።»

«ሂጂ፣ ዴሊያ...» አለ ከውስጥ። ድምፁ የሰካራም ድምፅ መሰለኝ። እያለቀስኩ ተመለስኩ።

ሳምንቱ ሳያልቅ አባቴ ሞተ። መጠጥ ቤት ውስጥ የገዛ ወዳጁ በቡጢ መታው፤ ሲወድቅ ጭንቅላቱ ከብረት ጋር ተጋጨ። የሳሎናችን ወለል ላይ ሁለት ወንበሮች ደርድረን የሬሳ ሳጥኑን አሳረፍንባቸው። ክፉ ሰው ነበር፤ ቢሆንም አልቅሼለታለሁ።

እኛ ዘንድ አስከሬን ባለበት ቤት በር በማንም ላይ አይዘጋም፤ እጅም አይነሳም። ሳጥኑ ሲወጣ ያረፈባቸው ወንበሮች ይገለበጣሉ። ሰላሙ እስከዚያ ድረስ ብቻ ነው።

ሬሳው ሊወጣ ትንሽ ሲቀረው ማላኪ ገባ። አንድ ዓይኑ አብጦ ተደፍኗል፤ ከንፈሩ ተሰንጥቋል፤ ቀኝ እጁ በጨርቅ ተጠቅልሏል። በለቀስተኛው መሃል አልፎ ሳጥኑ አጠገብ ተንበረከከና ጸለየ።

ኮርማክ ፒፓውን ከአፉ አወጣ።

«ቀኝ እጅህን ሰብሬዋለሁ» አለው ረጋ ብሎ። «ወንበሮቹ ሲገለበጡ ግራው ይቀጥላል። ያን ጊዜ በምን እንደምትጽፍ እናያለን።»

በሩን ያልከፈተልኝ ፊቱን እንዳላይ ነበር። ጻፍኩት ብሎ የእኔን ዱላ እሱ በልቶልኝ ነበር። እኔ ሌባ አልኩት።

«ኮርማክ፣ የጻፍኩት እኔ ነኝ።»

«ዝም በይ፣ ዴሊያ» አለ ማላኪ።

«አልልም። እያንዳንዷ ቃል የእኔ ናት።»

ኮርማክ ቡጢውን ጨብጦ መጣብኝ። ሽማግሌዎቹ አስከሬኑን እያሳዩ ተቆጡትና እጁን አወረደ። ከዚያ ሁለታችንንም ወንበሮቹ እስኪገለበጡ ጠብቁ አለን። መሸሽ አይታሰብም፤ ጓደኞቹ መንጠቆ ይዘው ደረጃው ላይ ቆመዋል።

ቄሱ ጸሎቱን ጨረሱ። ሳጥኑ ተነሣ። ኮርማክ የመሸከም ተራውን ለሌላ ሰው ለቀቀ፤ የአባቱን ሬሳ ከመሸከም እኛን መምታት በለጠበት። ወንበሮቹን ሊገለብጥ እግሩን ሲያነሣ እማዬ ገፍታው አለፈችና አንደኛው ላይ ቁጭ አለች። የሌላውን መደገፊያ በሁለት እጇ ያዘች።

«ተነሺ፣ እማዬ።»

«አልነሣም።»

«መገልበጥ አለባቸው። ደንብ ነው።»

እማዬ ስታወራ ሁልጊዜ አፏን በእጇ ትሸፍን ነበር። ያን ቀን አልሸፈነችም።

«ታሪኩን የነገርኳት እኔ ነኝ። አፌ ውስጥ የቀሩ ጥርሶች አሉልህ። መምታት ካማረህ ከእኔ ጀምር።»

ኮርማክ ቆመ። ያ ትልቅ ቡጢው ተፈታ። ፊቱን አዞረ፤ ትከሻው ተናወጠ። ወንድሜ ሲያለቅስ ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው። ከዚያ ወጣና ሊሸከም ከሳጥኑ ሥር ገባ፤ ጓደኞቹም ተከተሉት።

ማላኪ ፊት ተንበረከክኩ።

«ሌባ ብዬህ ነበር።»

«ሰምቻለሁ። በሩ ስስ ነው» አለ፤ ሊስቅ ሲል የተሰነጠቀው ከንፈሩ ደማ። በሻርፔ ጠረግኩለት።

በጸደይ ተጋባን። የቀኝ እጁ ጣቶች እንደ ድሮው አልተዘረጉም፤ ፊደሉን በግራው ይለቅማል። እኔም በራሴ ስም እጽፋለሁ። እማዬ ከእኛ ጋር ለመኖር ስትመጣ ሁለቱን ወንበሮች አስጭና መጣች።

ኮርማክ እሑድ እሑድ ለምሳ ይመጣል። መጀመሪያ ሰሞን ቆሞ ነበር የሚበላው። አሁን ከሁለቱ በአንዱ ላይ ይቀመጣል፤ ሲነሣም በሁለት እጁ ይዞ፣ ድምፅ ሳያሰማ ወደ ቦታው ይመልሰዋል።