ያልተሳካው አምሳያ

ጉንፋን ያዘኝ፤ ለቀቀኝም። ሲለቀኝ ግን አፍንጫዬን ይዞብኝ ሄደ።

ሌላ ሰው ቢሆን «ይመለሳል፣ የት ይሄዳል» ብሎ ይተወዋል። እኔ ግን የምበላው በአፍንጫዬ ነው። አክስቴ ሽቶ ቤት አላት፤ የእኔ ሥራ ደግሞ በሐር በተለበጠ ሣጥን የሚሸጡትን የታወቁ የሴቶች ሽቶዎች አሽትቶ አምሳያቸውን መቀመም ነው። ማንንም አናታልልም፤ ጠርሙሱ ላይ በግልጽ «አምሳያ» ብለን እንጽፋለን። ዋናውን ለመግዛት ኪሷ የማይፈቅድላት ሴት እኛ ዘንድ ትመጣና ደረቷን ነፍታ ትወጣለች።

ያሳደገችኝ አክስቴ ናት። ልጅ የላትም። ከትንሽነቴ ጀምሮ ስሜን ትታ «አፍንጫዬ» እያለች ነው የምትጠራኝ፤ እንግዳ ሲመጣም «ይቺ አፍንጫዬ ናት» ብላ ታስተዋውቀኛለች። ሱቁ አንድ ቀን የእኔ እንደሚሆን ሁለታችንም እናውቃለን። አፍንጫ ከሌለኝ ግን ምን ላደርገው?

ስለዚህ አልነገርኳትም፤ በድብቅ ሐኪም ዘንድ ሄድኩ። ሐኪሙ ሊመለስም ላይመለስም እንደሚችል፣ ካልተለማመደ ግን ጨርሶ እንደማይመለስ ነገረኝ። እግሩ የተሰበረ ሰው መራመድ እንደሚለማመደው ሁሉ እኔም የማውቃቸውን ነገሮች ጠዋት ጠዋት እያሸተትኩ እንድለማመድ መከረኝ። እሺ ብዬ ወጣሁ። እሺ ማለት ቀላል ነው።

በዚያው ሰሞን የውበት ሳሎኖች ያሏት አንዲት ሴትዮ መጣች። አዲስ የወጣ ውድ ሽቶ በትንሽ ብልቃጥ ይዛ፣ አምሳያው ከተሳካልን ለሁሉም ሳሎኖቿ እንደምትወስድ ነገረችን። አክስቴ በደስታ የምትይዘው የምትጨብጠው ጠፋት። ይህን ካሳካሁ የመቀመሚያው ክፍል ሙሉ በሙሉ የእኔ እንደሚሆን፣ እሷም ከዚያ በኋላ እጇን እንደማታስገባ ቃል ገባችልኝ።

የአክስቴን ፈተና ደግሞ ሰፈሩ ሁሉ ያውቀዋል። ዋናውን በአንድ ወረቀት፣ አምሳያውን በሌላ ወረቀት ጠብ ታደርግና ከጀርባዋ አቀያይራ ለደንበኛዋ ትሰጣለች። ደንበኛዋ ከለየችው የተቀመመው ሁሉ እዚያው ይደፋል። በዚህ ቀልድ አታውቅም፤ የእኔንም ስንት ጊዜ ደፍታብኛለች።

አንድ ጠዋት ጓሮ ቆሜ ጠርሙስ በጠርሙስ እየከፈትኩ አሸታለሁ። ምንም የለም። ንዴቴ መጣና አንዱን ጠርሙስ ጓሯችንን ከጎረቤት በሚለየው አጭር ግንብ ላይ ጧ አድርጌ አስቀመጥኩት።

ከማዶ አንድ ድምፅ፣ «እሱ እኮ የቲማቲም ቅጠል ይሸታል» አለ።

ዞር ስል እስከ ክርኑ የራሰ፣ ፀጉሩ ላይ ቡናማ ቃጫ የተሰካበት ወጣት ቆሟል። ልክ ነበር። ጠርሙሱ ውስጥ ያለው ለሽቶ የቅጠል መዓዛ የሚሰጥ ቅመም ነው፤ ከዚያ ማዶ ሆኖ ይህን የሚለይ ሰው ገጥሞኝ አያውቅም። ሌላ ከፈትኩለት። የተቆረጠ ሣር ነው፣ ግን ትናንት የተቆረጠ፣ አለኝ። ቀጥሎ ያለው አስነጠሰው።

ችግኝ የሚያፈላ ሰው ነው፤ ሰፈሩ «አፈር የለሹ» ይለዋል። በአፈር ፋንታ የኮኮናት ቃጫ ነው የሚጠቀመው። ቃጫው እንደ ጡብ ተጨምቆ ይመጣል፤ በርሜል ውስጥ ውሃ ሲያገኝ ያብጣል፣ ይፈረፈራል። ከዚያ ይታጠባል፣ ይታጠባል፣ እንደገና ይታጠባል፤ ጨው ስላለው ጨዉ ካልወጣለት የችግኙን ሥር ያቃጥላል። አላፊ አግዳሚው «አፈሩ የታለ?» እያለ ሲጠይቀው መልስ መስጠት ሰልችቶት ነበር።

ለምን ለእሱ እንደነገርኩት አላውቅም። ምናልባት ስለማያውቀኝ ነው። ምናልባትም ሰው ሲያዳምጥ ዓይኑ ወዲያ ወዲህ ስለማይል። አፍንጫዬ እንደጠፋ፣ አክስቴ እንዳላወቀች፣ ሽቶው የግድ መድረስ እንዳለበት አንድ በአንድ ዘረገፍኩለት። አልሳቀም፤ «አንጀቴን በላሽው» ብሎም አላዘነልኝም። አፍንጫውን እንደሚያውሰኝ፣ በምትኩ ግን ቃጫ እንዳጥብለት ነገረኝ። ሥራ በሥራ። ተስማማን።

እንዲህ ሆነን ከረምን። እኔ እጅጌዬን ሰብስቤ ቃጫ አጥባለሁ፤ እሱ ያሸትና በራሱ ቋንቋ ይነግረኛል። አንዱ የሎሚ ቅጠል በዝቶበታል፤ ሌላው ውሃ ያጣ ችግኝ ይመስላል። እኔ ደግሞ ይህን ወደ ሚዛንና ወደ ጠብታ እለውጠዋለሁ። መጀመሪያ ላይ ዋናውን ሽቶ በወረቀት እያሸተተ ነበር የሚያነጻጽረው። ብልቃጡ ትንሽ ስለሆነ ለፈተናው ይትረፍ ብዬ ደበቅኩት፤ ከዚያ በኋላ ዋናውን በልቡ ይዞ አምሳያውን ከእጄ አንጓ ላይ ማሽተት ጀመረ። ሽቶ የሚታወቀው ገላ ላይ ሲያርፍ ነው ያልኩት እኔው ነኝ። የሙያ ምክንያት ነበረኝ። ሙያ ብቻ ግን አልነበረም፤ ምን ያስዋሸኛል።

እጄን ሲይዝ ዓይኑን ይጨፍናል። እኔ አልጨፍንም። ሽፋሽፍቱ ላይ የቃጫ ብናኝ አያለሁ፤ ትንፋሹ አንጓዬን ሲነካው፣ መዳፉ ሲሞቀኝ ይታወቀኛል። ሽታው ብቻ የለም። ሰው አጠገቤ ቆሞ ከፊሉ እንደጎደለብኝ ሁሉ ያንገበግበኛል። የሚንጠባጠበው በርሜል ብቻ ይሰማል።

አንድ ቀን ከወትሮው ይልቅ ቆየ። ዓይኑን ሳይገልጥ፣ «ይሄ ነው። ከእንግዲህ ምንም እንዳትጨምሪበት» አለኝ።

ሴትዮዋ መጣች። አክስቴ ወረቀቶቹን ከጀርባዋ አቀያይራ ሰጠቻት። ሴትዮዋ ለአፍታ እንኳን አላመነታችም፤ አንዱን መልሳ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና ይሄ መጥፎ አይደለም፣ ግን ሌላ ሽቶ ነው አለች። አክስቴ ራሷ አሸተተችው። ከዚያ እኔን አየችኝ። እንዲህ ያለ ስሕተት አፍንጫ ያለው ሰው አይሠራም።

ሴትዮዋ ተሰናብታ እንደወጣች አክስቴ ጓዳ ገብታ አንድ ወረቀት ነክራ መጣች። ምን እንደሚሸት ጠየቀችኝ። በግምት ጽጌረዳ አልኳት።

«ኮምጣጤ ነው» አለች።

አልጮኸችም። ብትጮህ ይሻለኝ ነበር። ከሽርጤ ኪስ የመቀመሚያውን ክፍል ቁልፍ አወጣች። ለእሷ ያልነገርኩትን ለማን ልነግር እንደነበር ጠየቀችኝ። ክረምቱ እስኪገባ ድረስ ባንኮኒ ላይ እየሸጥኩ እንድቆይ፣ እስከዚያ አፍንጫዬ ካልመጣ ግን ሌላ ቀማሚ እንደምትቀጥር ቁርጡን ነገረችኝ። ልክ ናት። ያቃጠለኝም ልክ መሆኗ ነው።

ግንቡን ዘልዬ ነው የተሻገርኩት። «አንድ ነው ብለኸኝ ነበር» አልኩት።

እጁ ላይ ያለውን ቃጫ ጨመቀ፤ ጠብ የሚል ነገር ባይኖረውም እንደገና ጨመቀው።

«መጀመሪያ ዋናውን በደንብ አስታውሰው ነበር» አለ። «እጅሽ ላይ ሳሸተው ግን፣ ካንቺ ጋር የሚሄደውን ‹ይሄ ይሻላል፣ ይሄ ይሻላል› እያልኩ ሄድኩ። አውቄ አይደለም። ዋናው ጠፋብኝ። የቀረሽው አንቺ ነሽ።»

እንዲህ ያለ ነገር የሰማች ልብ መቅለጥ ነበረባት። የእኔ ነደደች። ቁልፌን አስወስዶብኝ ሲያበቃ የፍቅር ቃል ይነግረኛል ብዬ፣ ሙሉ ጠዋት ያጠብኩትን ቃጫ በእግሬ ገልብጬበት ሄድኩ። የቀለጥኩት ቤት ገብቼ ነው።

ጥቂት ቀን ኮራሁ። ከዚያ ኩራቴ አፍንጫዬን እንደማይመልስልኝ ገባኝና ሐኪሙ ያለኝን ላደርግ ጠዋት ጓሮ ወጣሁ። ግንቡ ላይ ችግኞች በቃጫ ተተክለው ተደርድረዋል፤ ናና፣ ሮዝሜሪ፣ ሎሚ፣ ቲማቲም። ያስቀመጣቸው ሰው ግን እዚያ አልነበረም። የናናውን ቅጠል በጣቴ አሽቼ አፍንጫዬ ላይ ደቀንኩት። ምንም። ወደ ሮዝሜሪው አለፍኩ።

ጠዋት ጠዋት ሥራዬ ይህ ሆነ። እሱ ከማዶ ያጥባል፤ እኔ ከዚህ አሸታለሁ። እያደር እኔም ተመልሼ እጅጌዬን ሰበሰብኩ፤ ቂሜ ከቃጫው ጨው ጋር ታጥቦ ሄደ። ቀን ቀን ባንኮኒ ላይ ቆሜ የማይሸተኝን ሽቶ አሞግሼ እሸጣለሁ። አክስቴ ነገሩን ሁሉ ከነገርኳት ወዲህ ስሙን መስማት አትፈልግም፤ አፈር የለሹ አፍንጫዋን እንዳበላሸባት ለመጣ ለሄደው ታወራለች።

አንድ ቀን ባልዲውን አስቀምጦ ፊት ለፊቴ ቆመ። አፍንጫዬ መጣም ቀረም ሊያገባኝ እንደሚፈልግ ነገረኝ። እጄን ግን አልያዘም፤ ከዚያ ስሕተት ወዲህ እጄን መያዝ ይፈራል።

«አንተ ታገባኛለህ» አልኩት። «እኔ ግን ሽታውን የማላውቀውን ሰው አላገባም።»

ቀልድ መስሎት ሳቀ። ፊቴን ሲያየው ሳቁ ቆመ።

«ባይመለስስ?»

«ይመለሳል።»

ግትር ናት ይሉኛል፤ ይበሉ። አክስቴም ስትሰማ የወንድ ሽታ ምን ያደርግልሻል ብላ ሳቀችብኝ። ከሳቁ በኋላ ግን ረጅም ጊዜ አየችኝ። እኔ የምወደውን ሰው ቆርሼ ወስጄ በቃኝ ማለት አልችልበትም። እሱም አልተቀየመኝም። በማግሥቱ ግንቡ ላይ አንድ አዲስ ችግኝ ተጨምሮ አገኘሁ።

ደመናው እየጠቆረ መጣ። አንድ ቀማሚ መጥቶ ክፍሉን ጎበኘ፣ መደርደሪያውን በስንዝር ለካ። ጥርሴን ነክሼ ፈገግ አልኩለት። በማግሥቱ ከሁሉ ቀድሜ ጓሮ ወጣሁ።

አዲስ የቃጫ ጡብ ነክረን ነበር። ውሃውን ጠጥቶ ሲያብጥ በርሜሉ ላይ ጎንበስ ብዬ እያማሰልኩ ሳለሁ አንድ ነገር መጣ። ቀጭን ነው። ወዲያው ጠፋ። ከዚህ በፊትም እንዲህ ተታልዬ አልቅሻለሁና አላመንኩትም። እሱ ባልዲ ይዞ በአጠገቤ ሲያልፍ ግን እንደገና መጣ። አሁን አልሄደም።

እንደ አክስቴ አድርጌ ራሴን ልፈትን ወሰንኩ። ዓይኔን ጨፍኜ፣ ምን እንደሆነ ሳይነግረኝ ያሻውን ነገር አፍንጫዬ ሥር እንዲያቀርብልኝ ለመንኩት። የመጀመሪያውን አላወቅኩትም። ሁለተኛውንም አላወቅኩትም። ሦስተኛው ሲመጣ አንገቴን አስግጌ ደግሜ ሳብኩት።

«ይሄ እጅህ ነው» አልኩት።

እጁን አልሳበም።

«የረጠበ ገመድ ትሸታለህ። ትንሽ ደግሞ የዛፍ ልጥ። ያን ያህል ደስ አይልም።»

«ታዲያ?» አለ።

«ታዲያማ አወቅኩህ።»

ዓይኔን ስገልጥ የሚያለቅሰው እሱ ነበር። እኔም ተከተልኩት። እንዳይጠፋብኝ ፈርቼ እጁን ሳልለቅ ደጋግሜ አሸተትኩት።

ወደ ሱቁ ስገባ አክስቴ ነገሩን ከፊቴ ላይ አነበበችው። ጓዳ ገብታ ወረቀት ነክራ መጣች።

«ኮምጣጤ» አልኳት። «ሽንኩርትም ስትልጪ ነበር።»

ወንበር ስባ ተቀመጠች። አንዳንዱ ሽታ እንጂ ሁሉም እንዳልመጣ፣ ገና ብዙ መልመድ እንደሚቀረኝ ነገርኳት። የመጣው መንገዱን ለቀረው ያሳየዋል ብላ፣ ዓይኗን በሽርጧ ጠርጋ ቁልፉን መዳፌ ላይ አኖረችው። ለቀማሚውም እንዳይመጣ እሷው ደወለችለት።

የመቀመሚያውን ክፍል ከፈትኩ። ከላይኛው መደርደሪያ ጥግ ያ ያልተሳካው አምሳያ ተቀምጧል፤ ጠርሙሱ ሙሉ ነው። ገረመኝ። አክስቴ ያልተሳካ ሽቶ ሳትደፋ አድራ አታውቅም።

«ልደፋው ስከፍተው አንቺን አንቺን ሸተተኝ» አለች በሩ ላይ ቆማ። «ልጄን እንዴት አድርጌ ልድፋ?»

ጠብታውን አንጓዬ ላይ ሳይሆን ወረቀት ላይ አሳረፍኩት። ጥርት ብሎ አይደለም የሸተተኝ፤ ግን ነበር። ጣፋጭ አይደለም። ከሥሩ አንድ ግትር፣ አረንጓዴ ነገር አለው፤ ከላዩ ፀሐይ ላይ የዋለ ገላ። ያን ሁሉ ቀን ዓይኑን ጨፍኖ ሲፈልገው የነበረው ይህን ነው። ያሳደገችኝም ሴት ማንም ሳይነግራት አውቃዋለች።

አክስቴ፣ «ጥሪው እስቲ፣ ያን አፈር የለሽ» አለች።

ወደ ግንቡ ሄድኩ። እሱ በርሜሉ ላይ ጎንበስ ብሎ ነበር። አክስቴ እንደምትፈልገው ስነግረው ደነገጠ። ሸሚዙን አራገፈ፣ ፀጉሩን በክርኑ ጠራረገ፣ ሳሙና እየፈለገ ወደ ቧንቧው ተራመደ።

ይዤ አስቆምኩት። እጁን እንዲታጠብ አልፈቀድኩለትም።