የአዝማሪ ገረመው ንጹሕ ቅጂ

አሥራደ ከምሳ በፊት የሳሎኑን መጋረጃ ዘግቶ፣ ከሁለቱ ስፒከሮች ፊት ተቀምጦ የሰውን ጆሮ ይንቃል። ታክሲ ውስጥ በስልክ ዘፈን የሚሰሙትን ቅራሪ ጠጪዎች ይላቸዋል፤ ድምፁ ተጨምቆ፣ ተቆራርጦ ገለባው የቀረላቸው። ሚስቱ የሺመቤት ወጥ እየሠራች ከትንሿ ሬዲዮ ጋር ታንጎራጉራለች። ሠላሳ ዓመት ጠባዩን የቻለች እሷ ብቻ ናት፤ እሱ ግን አንድ ቀን እንኳ ከስፒከሮቹ ፊት አስቀምጧት አያውቅም። ላንቺ ይባክናል ይላታል።

አምስት ዓመት ያሳደደው የአዝማሪ ገረመውን ዋና ቅጂ ነው፤ ከሃምሳ ዓመት በፊት ጎንደር፣ ጠጅ ቤት የተቀዳውን። በአዝማሪ ቤት ደንብ ታዳሚው "ተቀበል" ብሎ ግጥም ይሰጣል፣ አዝማሪው እያዜመ ይደግመዋል። ከእጅ ወደ እጅ በዞሩት ቅጂዎች ግን የግጥም ሰጪው ድምፅ የለም። ያጠፉት የማይረቡ ገልባጮች ናቸው እያለ ይምል ነበር። በመጨረሻ የቀጂው ልጅ ወይዘሮ አገሬ ቴፑን ሰጠችው። ሲሰሙት ዝም ብለው ይስሙት፣ የአባቴ አደራ ነው አለችው። ባላገር ብሎ በልቡ ሳቀባት።

ቴፑ መዞር ሲጀምር ያረጀ ቴፕ የሚያወጣው የኮምጣጤ ሽታ ጨለማውን ሳሎን ሞላው፤ ከዚያም የብርሌው ግጭት፣ በመሰንቆው ጭራ ላይ የሚሄደው ጣት፣ የገረመው ትንፋሽ፣ ከኋላው የብዙ ሰው ልብስ መንኮሻኮሽ፣ ሁሉም አንድ ሳይጎድል መጣ። ግጥም ሰጪው ጋ ሲደርስ ቴፑ ዝም አለ። የተቆረጠ ነገር የለም። ከመጀመሪያውም የተናገረ ሰው አልነበረም፤ ቤት ሙሉ ሰው ትንፋሹን ውጦ እየጠበቀ ነው።

"ይስጡኝ ጌታዬ" አለ ገረመው።

ከማድ ቤት የድስት ክዳን ሲንኳኳ አሥራደ ተበሳጨ።

"ተቀበል" አለ እያሾፈ፤

"ጆሮዋ ድንጋይ ነው ዜማ አይገባውም፣
ከጣደችው ድስት ጋር ልዩነት የለውም።"

ገረመው ቃል ሳይጥል ተቀብሎ አዜመው። ታዳሚው ሳቀ።

አሥራደ ሶኬቱን ነቀለ። ቴፑ መዞሩን አላቆመም። ሚስቱን እየጠራ ሄደ። ማድ ቤት ሲገባ ወጡ ገንፍሎ እሳቱን አጥፍቶታል፣ ማማሰያው ገና ይንጠባጠባል፣ የጓሮው በር ከውስጥ እንደተቀረቀረ ነው፤ እሷ ግን የለችም። በሠላሳ ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ ፈራላት።

እየሮጠ ተመለሰ። ስፒከሮቹ ያንኑ ዝምታ ይዘው ነበር፤ አሁን ግን መሀላቸው የሚያውቀው ትንፋሽ አለ።

"ይስጡኝ እመቤቴ" አለ ገረመው።

ከታዳሚው መሀል፣ አንድ ጭረት እንኳ ሳይኖርበት፣ የየሺመቤት ድምፅ "ተቀበል" አለ።