ካቴና ነው የተባለው ሞተር

ከነጯ መኪና ስር የሚታዩት ሁለት እግሮች ብቻ ነበሩ። አንደኛው ጫማ ወልቋል፤ ካልሲው ተረከዙ ላይ ተቀዷል። ኢንስፔክተር ወይንሸት መጀመሪያ ያየችው ያንን ቀዳዳ ነው። ሟቹ ጠዋት ካልሲውን ሲያጠልቅ፣ ዛሬ እግሬን ሰው ያየዋል ብሎ አላሰበም ማለት ነው።

ዕለቱ ዓርብ፣ ሰዓቱ ከቀኑ ስምንት ተኩል ነው። ቡታጅራ ከጁምዓ ሰላት ወጥታ ወደ ሥራዋ ተመልሳለች። ወይንሸት ከወልቂጤ የመጣችው ፍርድ ቤት ለመመስከር ነበር፤ ከችሎቱ ደጃፍ ጠርተው ወደዚህ ጋራዥ አመጧት። የጠሯት ያለ ምክንያት አይደለም። አባቷ በጦርነት ሲሞት ኩባ ከተላኩት ሕፃናት አንዷ ነበረች፤ እዚያ መካኒክነት ተምራ ብትመለስ ሴት መካኒክ የሚቀጥር ጋራዥ አጣች፤ ፖሊስ ሆነች። ከተመለሰች አሥራ አምስት ዓመት ቢያልፋትም የነገሯትን ሁሉ ሁለት ጊዜ መጠየቅ አልተወችም።

«ክሪኩ ወርዶበት ነው» አለ የከተማው ፖሊስ ሳጅን አዳነ። «አደጋ ነው ብል ደስ ባለኝ። ከተማው ግን ጀማሉ ነው ይላል።»

«ጀማሉ ማነው?»

«የቆሼ በርበሬ ነጋዴ። ይቺን መኪና ከሟቹ፣ ከሳኒ፣ የገዛት እሱ ነው።» አዳነ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «የዛሬ አራት ወር ሚስቱን ሰልሚያን ምጥ ይዟት ወደ ሆስፒታል ሲያመጣት፣ መንገድ ላይ ሞተሩ ቀጥ አለ። ሌላ መኪና እስኪገኝ እሷም ልጁም አለፉ። መኪናዋን ጎትተው እዚህ አስገቧት። ጀማሉ ‹ኮፈኗ የሚከፈተው ሽማግሌ ፊት ነው፤ ከዚያ በፊት የነካ እጁን እቆርጠዋለሁ› ብሎ ማለ። ማንም አልነካትም።»

«ሽማግሌዎቹ መቼ ይቀመጣሉ?»

«ከነገ ወዲያ ነበር። ሳኒ ‹ደህና ሞተር ነው የሸጥኩት› ብሎ በቁርኣን ሊምል። ጀማሉ ደግሞ ገበያ መሃል ‹መሐላው ሳይደርስ ደሟን እመልሳለሁ› ብሏል። ይዘነዋል። አዛዡ በአሥራ አንድ ሰዓት ወደ ወልቂጤ ጫኑት ብለዋል። የሳኒ ወንድሞችም በር ላይ ቆመዋል። እነሱን ደግሞ እስከ አሥራ አንድ ሰዓት ልይዛቸው መቻሌን እንጃ።»

መኪናዋን በሌላ ክሪክ አንስተው ሬሳውን አወጡ። የሳኒ ደረት ተደርምሷል፤ ፊቱ ግን ደህና ነው። አፉ ትንሽ ተከፍቷል፤ ወሬውን ያልጨረሰ ሰው ይመስላል። ሸሚዝ ኪሱ ውስጥ የመኪናዋ ሊብሬ አለ፤ የሞተር ቁጥር በሚጻፍበት ገጽ ላይ ታጥፏል። ግራ ክንዱ ላይ በስክሪብቶ ሰባት አሃዝ ተጽፏል።

«ስልክ ነው» አለ አዳነ። «ሦስት አሃዝ ይጎድለዋል። በዜሮ ዘጠኝ አንድ ጀምሬ ሞከርኩት፤ አንዲት የሆሳዕና ሴትዮ ሰደበችኝ።»

ወይንሸት ካርቶን አነጠፈችና ሳኒ ተኝቶበት ከነበረው ቦታ በጀርባዋ ገባች። ሁለቱ የኋላ ጎማዎች ድንጋይ ታኮ ተደርጎላቸዋል፤ ሰውየው ጠንቃቃ ነበር። ከሞተሩ ጎን የአንድ ክዳን አራት ብሎኖች ተፈተዋል። ክዳኑ ፕላስቲክ ነው። ይህ ገረማት፤ ሊብሬው ላይ የተጻፈው ሞተር በካቴና የሚዞረው ዓይነት ነው። በካቴና፣ በብረት ሰንሰለት፣ የሚዞር ሞተር ውስጡ ዘይት ስላለ ጎኑ በብረት ይታሸጋል፤ ፕላስቲክ የሚለብሰው ቺንጋ፣ የጎማው ቀበቶ፣ ነው። ጣቷን ሰድዳ ጎተተችው፤ ጥርሶቹ የረገፉ፣ የተበጠሰ ቺንጋ ወጣ። ከጎኑ በቤንዚን በታጠበው ብረት ላይ የሞተሩን ቁጥር አነበበች። ሳኒ ክንዱ ላይ የጻፈው ያንኑ ነው። ሊብሬው ላይ ያለው ግን ሌላ ነው።

የወደቀውን ክሪክ አየችው። የዘይት መልቀቂያው እስከ መጨረሻው ተከፍቷል።

የጋራዡ ሁለተኛ ባለቤትና የሳኒ ሸሪክ ዳምጤ ነው። ሬሳውን ያገኘውም እሱ ነው። ምሳ በልቶ በእግሩ ሲመለስ አየሁ ይላል። እጁን በጨርቅ እየጠረገ ቀረበ፤ እጁ ግን ንጹህ ነበር።

«የዚህች ዓይነት መኪና በስንት ሞተር ነው የምትመጣው?» ስትል ጠየቀችው።

«በሁለት፣ ኢንስፔክተር። አንድ ሺህ ሲሲና አንድ ሺህ ሦስት መቶ። አንድ ሺው ነዳጅ አይበላም፤ ግን አምስት ሰው ጭኖ ዳገት ሲያይ ያለቅሳል። ቺንጋውን በጊዜው ካልቀየሩለትም ጉድ ይሠራል። አንድ ሺህ ሦስት መቶው ካቴና ነው። ዘይት አያስጠሙት እንጂ ዕድሜ ልኩን ይሄዳል። ቢከፋ ቢከፋ ሲነሳ ካቴናው ይንሿሿል።»

«ይቺስ?»

«አንድ ሺህ ሦስት መቶ ናት። ጀማሉ ዘይት ሳያይ ነድቷት ሞተሩ ነከሰ፤ ተጣብቆ ቀረ።»

«በር ላይ የቆመችው፣ ያው ዓይነት ቀይዋስ?»

«እሷ የኔ ናት» አለ ፈገግ ብሎ። «የድሃ ናት፣ አንድ ሺህ።»

«ለአስከሬኑ መኪና መንገድ ዘግታለችና አንሳልን።»

ዳምጤ ገብቶ ሞተሩን አስነሳ። ቀይዋ መኪና ለአፍታ፣ ቆርቆሮ ውስጥ እንደ ተንቀጠቀጠ ሚስማር ተንሿሿችና ጸጥ አለች። ወይንሸት ዳምጤ ዞር እስኪል ጠብቃ የቀይዋን ኮፈን አነሳች።

ጀማሉ ከጋራዡ ጥግ፣ እጁ በካቴና ታስሮ ከአሮጌ ጎማ ላይ ተቀምጧል። ስታናግረው ቀና አላለም።

«በሰላት ሰዓት የት ነበርክ?»

«መቃብሯ ጋ።»

«ማን አየህ?»

«እሷ።»

«ሞተሩ ለምን ቆመ?»

«ነክሷል አሉኝ። ሲሸጥልኝ ‹ካቴና ነው፣ አትንካው› አለኝ። አልነካሁትም።»

«ሳኒን ገድለኸዋል?»

አሁን ቀና አለ። «እሁድ ሲምል ዓይኑን ላየው ፈልጌ ነበር። ከዚያ በኋላ ያለውን አላውቅም። ማን እንደ ቀደመኝ ስታገኚው ንገሪኝ።»

ከጋራዡ በር አጠገብ በቆርቆሮ ጥግ ሻይ የምትሸጠው ሃሊማ ናት፤ የሰልሚያ እናት። ልጇን ከቀበረች አርባ ቀን ሲሞላት ከቆሼ ተነስታ መጥታ እዚህ ተቀመጠች። ሰው «ልጇ ከሞተችበት መኪና መለየት አቅቷት ነው» ብሎ አዘነላት። ሳኒም ቦታ አልከለከላትም፤ ሻይም የሚጠጣው ከእሷ ነበር። ወይንሸት ከማንቆርቆሪያው ፊት ካለው አጭር የባሕር ዛፍ ግንድ ላይ ተቀመጠች።

«አሰላሙ ዓለይኩም፣ እማማ።»

«ወዓለይኩሙ ሰላም፣ ልጄ። ስኳር ላብዛልሽ?»

«አያብዙ። ሰላት ላይ ነበሩ?»

«እዚሁ ከቆርቆሮው ጀርባ ሰገድኩ። ምንም አልሰማሁ፤ ጆሮዬም ደክሟል።»

«በሳኒ ሞት አዘኑ?»

ሃሊማ ብርጭቆውን አጥባ፣ ወደ ብርሃን አንስታ አየችው። «ለልጄ ያዘነልኝን ያህል አዝኛለሁ። ካቴና ነው ብሎ ሸጠላቸው። ልጄን የገደላት የበሰበሰ ቺንጋ ነው። የሱን ነገር ለአላህ ሰጥቻለሁ።»

ወይንሸት ሻይዋን ጨርሳ ተነሳች። አዳነ ከኋላዋ ትንሽ ከተከተላት በኋላ ጉሮሮውን ጠራረገ።

«ኢንስፔክተር… ይቅርታ ያድርጉልኝና… ከኋላ ሱሪዎ…»

እጇን ሰድዳ ነካችው። እጇ በጥቁር ቅባት ተለወሰ። ዞር ብላ ግንዱን አየችው፤ ከዚያ ነጯን መኪና፤ ከዚያ እንደገና ግንዱን።

«ሳጅን፣ ሁሉንም እዚህ ሰብስብልኝ። የሳኒን ታላቅ ወንድምም አስገባው። ሌሎቹ ውጭ ይጠብቁ።»

ከአሥራ አንድ ሰዓት ሩብ ጉዳይ ላይ በነጯ መኪና ዙሪያ ቆሙ። ዳምጤ፣ ጀማሉ፣ የሳኒ ታላቅ ወንድም፣ ሃሊማ። ወይንሸት በሁለት እጇ ኮፈኑን አነሳችው። ጀማሉ ወደፊት ሊራመድ ሲል አዳነ ክንዱን ያዘው።

«ሳኒ ዛሬ ሰላት የቀረው ይህን ለማየት ነው» አለች። «እሁድ ሊምል ነበር። በሐሰት ሊምል ያሰበ ሰው ሞተር አይፈትሽም። የፈራ ሰው ግን መሐላው እንዳይይዘው አይቶ ይምላል። ጀማሉ መስጊድ ነው በሚባልበት ሰዓት፣ ሰው በሌለበት ገባ። ሲያይ ካቴና የለም። የሸጣት መኪና ቺንጋ ይዛ አገኛት። ቁጥሩን ክንዱ ላይ ጻፈና ከሊብሬው ጋር አስተያየው። አልገጠመም።»

«ሞተር ተቀይሯል እያሉ ነው?» አለ የሳኒ ወንድም።

«ተቀይሯል። ሊብሬው ላይ ያለው ሞተር ሩቅ አልሄደም። ከበር ላይ ቆሟል። ቅድም ሲነሳ ተንሿሽቷል፤ አንድ ሺው ደግሞ የሚንሿሿ ካቴና የለውም። ኮፈኑን ከፍቼ ቁጥሩን አይቻለሁ፣ ዳምጤ።»

ዳምጤ የያዘውን ጨርቅ ጣለ። «ሳኒ ለሥራ አዲስ አበባ በሄደ ጊዜ ነው» አለ። «መልሼ ልገጥመው ነበር። ሳይነግረኝ ሸጣት።»

«ከሸጣትም በኋላ ዝም አልክ። ‹ቺንጋውን ቀይር› ብትለው ጀማሉ ይቀይረው ነበር።»

«እሱ ነዋ የገደለው!» አለ የሳኒ ወንድም። «ወንድሜ እንዳያጋልጠው!»

«እኔም እንደዚያ ብዬ ነበር። ግን ዳምጤ ቢሆን ክንዱ ላይ ያለውን ቁጥር በቤንዚን ጨርቅ ያጠፋው ነበር፤ ሊብሬውንም ከኪሱ ይወስድ ነበር። ይህ ክሪክ ደግሞ ዘይት ያፈስሳል። ዳምጤ ያንን ያውቃል፤ ቢፈልግ ጥቂት ብቻ ከፍቶ በራሱ የወረደ ያስመስለው ነበር። ገዳዩ ግን መልቀቂያውን እስከ መጨረሻው ነው የከፈተው። ክሪክ ሲወርድ በዓይኑ ያየ እንጂ በእጁ ያላወረደ ሰው ነው። ጀማሉም ቢሆን ሞተሩ ነከሰ እንጂ ቺንጋ በጠሰ አላለም። ማንም አላለም። ኮፈኑ ለአራት ወር ዝግ ነበር። ቺንጋ መሆኑን ከዳምጤ ሌላ የሚያውቅ አንድ የሞተ ሰው ብቻ ነው፤ እና እሱ ከመኪናው ስር ሆኖ የነገረው ሰው።»

ወይንሸት ጣቷን ወደ ክሪኩ ቀሰረች።

«ሳጅን አዳነ ጎረቤቱን ጠይቆልኛል፤ ክሪኩ ስለሚያፈስስ ሁልጊዜ ከሻሲው ስር ግንድ ታስገባላችሁ። የእማማ ሃሊማን ግንድ። እሳቸው ደግሞ ከሰላት የሚመጣው ሰው እንዲቀመጥበት በየቀኑ ‹ግንዴን መልሱ› ይላሉ። ሳኒ ታኮ ያደረገ ሰው ነው፤ ያለ ግንድ አይገባም። ታዲያ ግንዱ የት ሄደ? ሌላ ገዳይ ቢሆን እዚሁ ጥግ ይጥለው ነበር። ይህኛው ግን ከሻሲው የነካ ቅባት እንደያዘ በር ላይ፣ ከማንቆርቆሪያው ፊት፣ ከቦታው መልሶታል። እጅ የለመደውን ይሠራል። እኔም ሄጄ ተቀመጥኩበት።»

ሃሊማ ነጠላዋን ወደ ትከሻዋ አነሳች።

«ግንዴን ልወስድ ነው የገባሁት። ሌላ አላሰብኩም ብል ግን እዋሻለሁ። ሦስት ወር ያህል ሻይ እየቀዳሁ ያ ብረት እንዴት እንደሚወርድ አየሁ። ሳኒ ‹ውሰጂው እማማ፣ ጨርሻለሁ፣ ልወጣ ነው› አለኝ። ጎተትኩት። ከዚያ ከስር ሆኖ ‹እማማ፣ ይሄ እኮ ካቴና አይደለም፣ ቺንጋ ነው› አለ። በገዛ አፉ አመነ። ሌላም ሊል ነበር። እጄ ቀደመው።»

«ሊል የነበረው ‹ሞተሩ የኔ አይደለም› ነው፣ እማማ» አለች ወይንሸት። «ክንዱ ላይ የተጻፈው እሱ ነው።»

ሃሊማ ለረጅም ጊዜ የሳኒን ወንድም አየችው። እሱ ፊቱን አዞረ። ከዚያ ወደ ዳምጤ ዞረች።

«ለአንተም ሻይ ቀድቼልሃለሁ» አለችው። «በየቀኑ። ‹እግዜር ያጽናሽ እናቴ› ትለኝ ነበር።»

ዳምጤ መሬት መሬት አየ።

«እሱ ላይ ስንት ይፈርዱበታል፣ ልጄ?»

ወይንሸት መዋሸት ትችል ነበር። «ሞተር በመቀየር የሚፈረድ ብዙ አይሆንም። ምናልባት ወራት። ዛሬ የምይዝበት ማዘዣ እንኳ የለኝም።»

«እኔስ?»

«ብዙ ነው፣ እማማ።»

ሃሊማ ራሷን ነቀነቀች፤ ገበያ ላይ የሰማችውን ዋጋ እንደምታሰላ ሴት። አዳነ የጀማሉን ካቴና ፈታ። ጀማሉ አንጓውን እያሻሸ ቆመ፤ ወደ በሩ ግን አልሄደም።

«ጀማሉ፣ ልጄ» አለችው አማቱ በለሰለሰ ድምፅ። «እኔ መሄዴ ነው። ማንቆርቆሪያው እሳት ላይ ነው። ቦታዬን ጠብቅልኝ።»

«እስከ መቼ፣ እናቴ?»

«እኔ አራት ወር ጠበቅኩ። አንተ ወጣት ነህ።»

ጀማሉ ወጣ። በዝግታ ከማንቆርቆሪያው ጀርባ፣ ሃሊማ ትቀመጥበት ከነበረው ዱካ ላይ ተቀመጠና ፊቱን ወደ ጋራዡ አዞረ። ብርጭቆ አንስቶ አጠበ። ወደ ብርሃን አንስቶ አየው። የሳኒ ወንድምም ተከትሎት ወጣና ግንዱ ላይ ተቀመጠ። ሁለቱ አልተያዩም፤ ሁለቱም የሚያዩት አንድ ሰው ነበር።

ወይንሸት ሃሊማን ደግፋ ወደ ፖሊስ መኪናው ልትወስዳት ስትል ከኋላዋ የእግር ኮቴ ሰማች። ዳምጤ ነው። ሁለት እጁን ዘርግቶ ቆሟል።

«እኔንም» አለ። «ኢንስፔክተር፣ እኔንም እሰሩኝ።»

«ማዘዣ የለኝም አልኩ እኮ።»

«ያለ ማዘዣ። ፈርሜ እሰጥዎታለሁ።»

አዳነ ትእዛዝ ሲጠብቅ አየችው። ወደ በሩ ተመለከተች፤ ጀማሉ ሻይ ቀድቶ፣ ዳምጤ ይቀመጥበት ከነበረው ባዶ መቀመጫ ፊት አስቀምጧል። ከጀማሉ እጅ የወጣውን ካቴና ከአዳነ ተቀበለች፤ ብረቱ ገና ሙቀቱን አልለቀቀም። ካቴናው እጁ ላይ ሲዘጋ ዳምጤ በረጅሙ ተነፈሰ፤ ከመኪና ስር በሕይወት እንደወጣ ሰው።