ለወዳቂው ልጅ የቆሙ ሽማግሌዎች

ሌላው ሰው ወጥቶ ወርዶ ይበላል፤ ያፌት ግን መውረዱን ብቻ ይዞ ቀረ። ለንደን ተወልዶ፣ ከአውቶቡስ ጣሪያ፣ ከአክስቱ በረንዳ፣ አንድ ጊዜማ ከግመል ላይ እየወደቀ ራሱን በስልክ ሲያስቀርጽ አደገ። ግመሉ ለንደን ውስጥ ምን ይሠራ ነበር የሚል ካለ ግመሉን ይጠይቅ። ብቻ ሃያ አምስት ዓመት ሳይሞላው ፊልም ሠሪዎች በገዛ ገንዘባቸው ይጥሉት ጀመር።

ቶሮንቶ ያመጣው አንድ ኮሜዲ ፊልም ነው። ቀረጻው እስኪጀመር እጁን አጣጥፎ መቀመጥ አልሆንልህ አለውና፣ ሬክስዴል ሰፈር አንድ ፓርኪንግ ውስጥ ቀስ ብሎ የሚሄድ ታክሲ መርጦ ኮፈኑ ላይ ተወረወረ። ተንከባልሎ አስፋልቱ ላይ ተዘረጋ። ጓደኛው ከሩቅ ይቀርጻል።

ባለታክሲው አቶ አስማማው ነበሩ። ሰው የገደሉ መስሏቸው አጠገቡ ተንበረከኩ፤ እያለቀሱ ጸለዩ። ያፌት ዓይኑን ከፍቶ ሳቀ፤ ተነሥቶም እንደ ቲያትር ሰው እጅ ነሣ። ቪዲዮው ላይ ሙዚቃ ተጫነበትና ዓለም አየው። ከዓለም በፊት ግን ያየው አቶ አስማማው የሚያመልኩበት የኢቶቢኮው ቤተ ክርስቲያን ነው። እሑድ ሲገቡ ወጣቶቹ ሳቃቸውን በሳል ሲሸፍኑ ሰሙ። ከዚያ ወዲህ የኋላ ወንበር የእሳቸው ሆነ።

ያፌትን በወሩ እውነተኛ ውድቀት አገኘውና ትከሻው ወለቀ። የተላከበት ክሊኒክ ውስጥ ፊዚዮቴራፒ የምትሠራው ሔርሞን ትባላለች። ፊቱን እንዳየች አወቀችው።

«ያማል?» አለችው፣ አውራ ጣቷን ትከሻው ላይ እየሰደደች።

«በጣም።»

«ጥሩ። ባለታክሲው አባቴ ነው።»

ያፌት ከሦስተኛ ፎቅ ሲወድቅ እንኳ ቃል አጥቶ አያውቅም። ያን ቀንም አላጣም። «ስወድቅ ጆሮዬ ጮኾብኝ ነበር፤ አባትሽ ምን እያሉ እንደሆነ አልሰማሁም» አላት። ከነገራት ሁሉ ይህቺን ብቻ አመነችለት።

ቪዲዮውን አጠፋው። ሌሎች ግን ቀድተውት ስለነበር፣ አባትየውን ገድሎ የልጅ ልጆቹን መጨረስ እንዳቃተው ሰው ሆነ። በየሳምንቱ ክሊኒክ እየመጣ የሔርሞንን ስድብ እንደ መድኃኒት በሰዓቱ ወሰደ።

«ትከሻህ ከዳነ ሰነበተ። እዚህ ምን ትሠራለህ?»

«ስትቆጪ ግንባርሽ ላይ አንድ መስመር ይወጣል። እሱን ለማየት ነው።»

«ሌሎች ታካሚዎች አሉኝ።»

«እነሱንም እንዲህ ትቆጫቸዋለሽ?»

«እነሱ ያሳዝኑኛል።»

አምልጧት ሳቀች። ወዲያው እንደ ሌባ ዞር ዞር ብላ አየች። እጇ ትከሻው ላይ እንዳለ ቀረ፤ መጫኑን ግን ትቶ ነበር።

«ቁም ነገር ካለህ ሽማግሌ ላክ» አለችው በመጨረሻ፣ ፊቷን አዙራ። «አባቴ እምቢ ሲልህ አይቼ ልረፍ።»

ሽማግሌ ከየት ይምጣ? ያፌት ቶሮንቶ ውስጥ ዘመድ የለውም፤ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች ደግሞ ስሙ ሲነሣ ያማትቡ ነበር፣ ማማተብ ደንባቸው ቢሆን ኖሮ። ስለዚህ ከቀረጻው ቦታ መለመለ። አንደኛው የጭነት መኪና ሾፌሩ ጋሽ ሰላሙ። ሁለተኛው ሚስተር ኦስቲን፣ ያፌትን አወዳደቅ የሚያስተምሩ፣ ጉልበታቸውን ለፊልም የገበሩ ጃማይካዊ አዛውንት። ሦስተኛው ሕንዳዊው ምግብ አብሳይ ሚስተር ጉርፕሪት፤ ጺማቸው ብቻውን ሽማግሌ ይሆናል። ሦስቱንም ነጠላ አልብሶ ቅዳሜ ቀን አቶ አስማማው የሚኖሩበት ቶርንክሊፍ ፓርክ ሰፈር ሰደዳቸው። እሱ እንደ ደንቡ ታች ፓርኪንግ ቀረ።

አቶ አስማማው በሩን ከፍተው ነጠላ የለበሱትን ሕንዳዊ ሲያዩ፣ መጀመሪያ ያደረጉት ካሜራ መፈለግ ነው። የአበባውን ማሰሮ ገለበጡ። የጋሽ ሰላሙን ባርኔጣ ተቀብለው ውስጡን አዩ።

«ልጅዎን ለልጃችን ፈልገን ነው የመጣን» አሉ ጋሽ ሰላሙ።

«ለየትኛው ልጃችሁ?»

«ለያፌት።»

«ለዚያ ለወዳቂው?»

«መውደቁ ለእንጀራ ነው። ሲቆም ጨዋ ልጅ ነው።»

«ሲቆም አላየሁትም።»

«እሺ ካላሉን አንቀመጥም።»

«ቁሙ። ወለሉ ይችላችኋል።»

አቶ አስማማው የራሳቸውን ምሳ አቀረቡና ፊት ለፊታቸው ተቀምጠው በሉ። ሔርሞን ከማዕድ ቤቱ በር አልተነቃነቀችም። ምሳው አለቀ፣ ሻዩ አለቀ፣ ቴሌቪዥኑ አንድ ሙሉ የሆኪ ጨዋታ ጨረሰ። የሚስተር ኦስቲን ጉልበት እንደ አሮጌ በር ሲጥ ሲጥ ሲል ጎረቤት ሰምቶ ግድግዳ ደበደበ።

አቶ አስማማው ቢጨክኑም ልባቸው ድንጋይ አይደለም። ሽበታም ሰው ፊታቸው ቆሞ ሲንቀጠቀጥ ማየት አልቻሉም። ወንበር በእግራቸው ገፋ አድርገው፣ «ፕሊስ፣ ሲት ዳውን» አሏቸው።

ሚስተር ኦስቲን ተቀመጡ። ጋሽ ሰላሙ አጠገባቸው ዱብ አሉ። «ተቀመጡ ተባልን፣ ተቀመጥን። ልጅቷ ተሰጠች» ብለው ለያፌት ኮል አደረጉለት።

አቶ አስማማው አፋቸው ተከፍቶ ቀረ። ሔርሞን ያንን ፊት ቪዲዮው ላይ አይታዋለች።

«ተነሡ» አለች።

«ልጄ፣ ደንቡ እኮ...»

«ጋሽ ሰላሙ፣ ይነሡ። አባዬ አዘነላቸው እንጂ እሺ አላለም። ሁለተኛ አታሞኙትም።»

ተነሡ። እሷ ሊፍት ሳትጠብቅ በደረጃ ወረደች። ያፌት ፓርኪንጉ ውስጥ በደስታ ይዘላል።

«አስነሥቻቸዋለሁ» አለችው። «በተንኮል የተገኘ እሺ አልፈልግም። ከፈለግህ አንተ ውሰደው፤ እኔን ግን አታገኘኝም።»

ያፌት መዝለሉን አቆመ። «እኔም አንቺን አታልዬሻለሁ» አላት። «ላይ ልናገረው። እሳቸውም ይስሙ።»

አግቢ ከሽማግሌ ጋር አይገባም፤ ያፌት ግን ገባ። አቶ አስማማው ኪሱን ሊበረብሩ ሲነሡ ስልኩን ራሱ አውጥቶ ሰጣቸው።

«ያን ቀን አልሰማሁም ያልኩት ውሸት ነው» አለ። «‹ጌታ ሆይ፣ የእኔን ነፍስ ወስደህ የእሱን መልስ› ሲሉ እያንዳንዷን ቃል ሰምቻለሁ። ሰምቼ ነው የሳቅሁት።»

ሔርሞን እንደተመታ ሰው ወደ ኋላ አለች። አባቷ ያን ቀን ምን ብለው እንደጸለዩ ለማንም ነግረው አያውቁም።

አቶ አስማማው ስልኩን እያገላበጡ ቆዩ። «ባትነግረኝ ማን ያውቅብህ ነበር?»

«አባባ ብዬ ልጠራዎ ነው የመጣሁት። ያንን ደብቄ አፌ እምቢ አለኝ።»

ከዚያ ልጃቸውን አዩ። ሔርሞን ያፌትን ታያለች፤ አስተያየቷ ይገድላል፣ ዓይኗን ግን ከእሱ አላነሣችም። አባቷም ያዩትን አዩ።

«ሽማግሌዎቹ ይቀመጡ» አሉ።

ጋሽ ሰላሙ ሊያጨበጭቡ እጃቸውን አነሡ።

«አንተ ግን ቁም።»

ያፌት ቆመ። ምግብ ሞቆ ለሦስቱ ቀረበ፤ ሚስተር ጉርፕሪት ጨው ያንሰዋል አሉ። ማንም «ና ብላ» አላለውም። ሔርሞን ሳህኗን ይዛ ተቀመጠች፣ ጥቂት ጎረሰች፣ ከዚያ ሳህኑን አስቀምጣ ሄደችና አጠገቡ ቆመች። አልነካችውም።

«እስከ መቼ ነው የምቆመው?» አላት በሹክሹክታ።

«ዝም ብለህ ቁም» አለችው።