የእትዬ ካልቱን ቀይ ሻርፕ

ልጆች፣ ብሩክታይት የአሥር ዓመት ልጅ ነበረች። ቤቷ በሶማሊላንድ፣ ሀርጌሳ ከተማ ነው፣ ወደ አየር ማረፊያው በሚወስደው መንገድ ዳር። አባቷ የአውሮፕላን መካኒክ ነው። ከተማዋ ካፈረሳት ጦርነት በኋላ ገና እየተሠራች ስለነበር በሠፈሩ ቀኑን ሙሉ መዶሻ ይጮኻል።

እዚያ አገር የእረፍት ቀን ዓርብ ነው። ስለዚህ የሰንበት ትምህርታችንን ዓርብ ጠዋት እነብሩክታይት ሳሎን እንማር ነበር። አስተማሪዋ እኔ ሸዋርካብሽ ነበርኩ።

ብሩክታይት ለበዓል የምናሳየውን ድራማ ራሷ ጻፈች። በድራማው አንዲት ደግ ልጅና አንዲት ሌባ አሉ። ደጓን ማን ሆነ? ራሷ፣ ያውም በነጭ ቀሚስ! ሌባዋን ሆኖ እንዲጫወት አብሯት ለሚማረው ለዮፍታሔ ሰጠችው።

«መጥፎ መሆኔ በምን ይታወቃል?» አላት ዮፍታሔ።

«እያነከስክ ግባ። ይሄንንም ልበስ» ብላ ቀይ ሻርፕ ወረወረችለት።

ሻርፑን ከጓሮ ገመድ ላይ አንስታ ነው ያመጣችው። የካልቱን ነው። ካልቱን መሐመድ ሞጌ ከሚባለው ሠፈር በእግሯ እየመጣች ለእነብሩክታይት ልብስ የምታጥብ፣ አማርኛም የለመደች ሴት ናት። ስታጥብ እንዳይርስባት ሻርፗን ገመዱ ላይ ትሰቅለዋለች። ቤት ሲሠራ ለግንበኞች ውሃ ስታመላልስ የተቀበረ ፈንጂ ፈንድቶ እግሯን ጎድቷታል። ለዚህ ነው የምታነክሰው።

ዮፍታሔ እያነከሰ ገባ። ልጆቹ በሳቅ ፈነዱ። እኔም፣ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፣ ሳቅሁ።

ያኔ በሩ ላይ ካልቱን ቆማ ነበር። ከጁምዓ ሶላት በፊት ቤቷ ልትገባ ብላ ሻርፗን ስትፈልግ ነው የመጣችው። ሳቁ ቆመ።

«ብሩክታይት፣ ይህቺ ሴት ማናት?» አለች ወደ ዮፍታሔ እያመለከተች።

«ሌባዋ ናት።»

«ምን ሰረቀች?»

«የሰው ልብስ።»

«ለምን? ርቧት ነው?»

ብሩክታይት ይህን አላሰበችበትም። «እንዲሁ... መጥፎ ስለሆነች።»

ካልቱን እጇን ለመሐላ አነሣች። «ዋላሂ፣ ሦስት ዓመት ልብሳችሁን ሳጥብ አንዲት ካልሲ አልጠፋችም። ድሃ ያለው ስሙ ብቻ ነው፤ እሱንም ወሰዳችሁብኝ። ከዛሬ በኋላ በዚህ በር አልገባም!» ብላ ወጣች።

ደሜ ፈላ። በልጆቹም በራሴም ተናደድኩ። ማንከስ ኃጢአት ነው እንዴ? ቀይ ሻርፕስ? ነጭ ቀሚስ ለብሶ መቆም መቼ ነው ጽድቅ የሆነው?

«ብሩክታይት፣» አልኩ፣ «ዛሬ በዚህ ቤት የሰው ልብስ ሳያስፈቅድ የወሰደ ማነው?»

ነጭ ቀሚሷን አየች። ፊቷ ቀላ።

«እኔ ነኝ» አለች።

ሻርፑን ይዛ ሮጠች። ካልቱን ከግቢው በር በስተውስጥ ቆማ ነበር። ያለ ሻርፗ እንዴት መንገድ ትውጣ?

«እትዬ ካልቱን፣ ይቅር ይበሉኝ። ሌባዋ እኔ ነኝ።» እትዬ ስትላት ያን ቀን የመጀመሪያዋ ነው።

«እኔስ ይቅር ብያለሁ፣ ልጄ። የሳቁት ልጆች ግን ነገ ሳነክስ ሲያዩኝ ምን ይሉኛል?»

እኔም ስለ ሳቄ ይቅርታ ለመንኳት። ብሩክታይትም ሳምንቱን ሙሉ ድራማውን እንደገና ጻፈችና እትዬ ካልቱን መጥታ እንድታየው ለመነቻት።

በሚቀጥለው ዓርብ እትዬ ካልቱን ቀይ ሻርፗን ደርባ ከፊት ተቀመጠች። በአዲሱ ድራማ የሚያነክስ የለም። ባለ ነጭ ቀሚሷ ልጅ የጎረቤቷን ልብስ ትወስዳለች፤ ጎረቤቷ በብርድ ስትንቀጠቀጥ አይታ ታፍራለች፤ በሰው ሁሉ ፊት አልቅሳ ትመልሳለች።

ዮፍታሔ ግራ ገባው። «አሁን ይህቺ ልጅ ደግ ናት ወይስ መጥፎ?»

እትዬ ካልቱን ሳቀች። «ወስዳ ነበር፣ መለሰች። ነገ የምታደርገውን ደግሞ አይተን እንነግርሃለን።»

እንግዲህ ልጆች፣ በተረትም ሆነ በኑሮ ሰውን ደግ ወይም ክፉ የሚያደርገው መልኩና ልብሱ ሳይሆን መርጦ የሚሠራው ሥራ ነው።