ወለድ የሌለው ብድር

«ሚስማር!» አሉ አቶ ነገሳ ከጣራው ላይ ሆነው።

አባይነሽ ከጣሳው ውስጥ አራት ሚስማር አውጥታ መሰላሉን ወጣችና ለአባቷ አቀበለች። ባለፈው ሳምንት የነፈሰው ነፋስ የቆርቆሮውን አንድ ጥግ ገንጥሎት ነበር። ቤቱ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን ወደ እንጦጦ በሚወጣው ዳገት ላይ ነው። ድንጋይ ጠራቢው አቶ ነገሳ መሠረቱን ራሳቸው ጠርበው፣ ግድግዳውን ራሳቸው መርገው ያቆሙት የገዛ ቤታቸው ነው፤ የሚኖሩበት ግን ሌሎች ናቸው። አባትና ልጅ ላምበረት አጠገብ በወር ስድስት ብር በሚከፈልባት አንዲት ክፍል ውስጥ ከገቡ ሰባት ዓመት ሊሞላቸው ነው።

በእነዚህ ዓመታት አባቷ እየተመላለሱ ጣራውን ሲደፍኑና አጥሩን ሲያጥሩ አባይነሽ አንድም ቀን አብራ መጥታ አታውቅም። ከትምህርት ቤት ስትመለስ እንኳ በዚያ በር ላለማለፍ ዙሪያውን ትሄዳለች። ዛሬ አባቷን ጉልበታቸውን አሟቸው፣ የሚያቀብላቸው ሰው ስለጠፋ መጣች። አሁን ዐሥራ አራት ዓመቷ ነው፤ ያኔ ሰባት ነበረች። በሩ ከምታስታውሰው አጠር ብሎ ታያት።

ከቤቱ ውስጥ እኩያዋ የምትሆን ልጅ መጽሐፍ ይዛ ወጣችና ሙሚና እንደምትባል ነገረቻት። ከኋላዋ በተከፈተው በር የውስጡ ክፍል ይታያል። የአባይነሽ እናት ታመው በተኙበት ጥግ አሁን የሙሚና አልጋ ተዘርግቷል፤ በላዩ ቀይ ብርድ ልብስ ታጥፎ ተቀምጧል። አባይነሽ ዓይኗን የምታሳርፍበት ጠፋት።

«አባትሽ ጎበዝ ናቸው» አለች ሙሚና። «ባለቤቱ ስንት ይከፍሏቸዋል?»

«ባለቤቱ?»

«አቶ ኃይለጊዮርጊስ ናቸዋ፤ ሾላ እህል የሚነግዱት። ስንገባ የሰባት ዓመት ልጅ ነበርኩ፤ ከዚያ ጊዜ ጀምሮ በየወሩ ሃያ ብር ነው የምንከፍላቸው። በናትሽ፣ ሰውዬው ወሩ ሲጠባ መምጣታቸውን ገና ከአጥሩ ውጪ በሳላቸው ነው የማውቀው።»

ቤቱ የእኛ ነው ማለት ይቻል ነበር። አባይነሽ ቃሉን አፏ ላይ አድርሳ መለሰችው። ይህን ብትል ሙሚና መደንገጧ አይቀርም፤ ከዚያ ታዝንላታለች፣ ያኔ ደግሞ አባይነሽ ታለቅሳለች። ስለዚህ «አላውቅም» ብላ ጣሳውን አንስታ ወደ መሰላሉ ሄደች።

እናቷ ወይዘሮ የሺመቤት ያረፉት በኅዳር ወር ነበር። ለአርባ ቀኑ ተዝካር አባቷ ከአቶ ኃይለጊዮርጊስ አምስት መቶ ብር ተበደሩ። ብድሩ ወለድ አገድ የሚባለው ዓይነት ነው። ተበዳሪው ቤቱን ለአበዳሪው ይለቅለታል፤ አበዳሪውም ገንዘቡ ሙሉውን በአንድ ጊዜ እስኪመለስለት ድረስ ቢያሻው ይኖርበታል፣ ቢያሻው ያከራየዋል። በገንዘቡ ላይ ወለድ አይታሰብም። አቶ ነገሳ በዚህ ይኮሩ ነበር። ወለድ የሚባል ነገር ክፉኛ ይፈራሉ፤ ባንክ ወለድ ይጠይቃል ሲባል ስለሰሙ በባንክ ደጃፍ ሲያልፉ እንኳ እርምጃቸውን ፈጠን ያደርጋሉ። አምስት መቶ ወስጄ አምስት መቶ ነው የምመልሰው፣ አንዲት ሳንቲም አይጨመርብኝም ይሉ ነበር።

አባይነሽ ያ ተዝካር ትዝ ይላታል። ግቢውን የሞላ ዳስ ተጥሎ፣ ሁለት ሰንጋ ታርዶ፣ ሦስት መቶ ሰው በላ ጠጣ። የመጣው ሁሉ ራሷን እየደባበሰ የእናቷን ደግነት ያወራላት ነበር። በሳምንቱ ዳሱ ፈረሰ፤ ዕቃቸው በሁለት አህያ ተጭኖ ላምበረት ወረደ። ከዚያ ሁሉ በላተኛ መካከል እንዴት ከረማችሁ ብሎ ደጃቸውን የረገጠ የለም፤ የአባቷ አጎት አቶ ሰቦቃ ብቻ ለገና ብቅ ይላሉ።

ቁልቁለቱን ሲወርዱ አቶ ነገሳ እያነከሱም ቢሆን ደስ ብሏቸው ነበር። ሲያቆላምጧት እንደሚያደርጉት በኦሮምኛ «ኢንታላ ኮ»፣ ልጄ፣ ብለው ጠሯትና ምሥጢሩን አወጡላት። የእናቷ የሰባት ዓመት ተዝካር ቀርቧል። አቶ ኃይለጊዮርጊስ በቀድሞው ብድር ላይ ሦስት መቶ ብር ሊጨምሩላቸው ተስማምተዋል። እሳቸውም ሰማንያ ብር አጠራቅመዋል። ዳሱ እንደገና ይጣላል። ያኔ ውሉን የጻፈው ደብተራ ነበር፤ በመጪው እሑድ ግን የምትጽፈው ስምንተኛ ክፍል የደረሰችው የራሳቸው ልጅ ናት።

አባይነሽ ደስ አላት፤ እውነቱን ለመናገር በጣም ደስ አላት። እሷም ዳሱን ፈልጋ ነበር። የእናቷን ስም የሚጠራ ሰው የሞላበት ቦታ ከቀረባት ብዙ ጊዜ ሆኗል። ማታ ተጋድማ ግን ሙሚና ያለቻት ሃያ ብር ከአእምሮዋ አልወጣ አለ።

ሰኞ ዕለት ከሒሳብ ክፍለ ጊዜ በኋላ ልጆቹ ሲወጡ ወደ መምህር ወልደ ኢየሱስ ቀረበች። የምታውቀው አንድ ሰው አለ ብላ ነገሩን ጠየቀቻቸው። መምህሩ ሰውየው ማን እንደሆነ አልጠየቋትም። ቤቱ በወር ስንት እንደሚከራይ ብቻ ጠየቁና ጠመኔውን አስቀመጡ።

«ኪራዩ ነዋ ወለዱ» አሉ። «ስሙን ስላልጠሩለት ያልተከፈለ መሰለው።»

ከዚያ የባንኩን ነገር አስረዷት። ባንክ ከመቶ ስምንት ቢጠይቅ ለአምስት መቶ ብር በዓመት አርባ ብር ነው። ሰውየው ግን በዓመት ሁለት መቶ አርባ ብር እየከፈለ ነው፤ ያም ሆኖ ከዋናው ላይ ሰባራ ሳንቲም አልተቀነሰለትም። በሰባት ዓመት ስንት እንደሚመጣ አንቺው አስይው አሏት። አባይነሽ መንገድ ላይ አሰበችው። አንድ ሺህ ስድስት መቶ ሰማንያ። ተሳስቼ ይሆናል ብላ ሦስት ጊዜ ደገመችው፤ ሦስቱንም ጊዜ ያው ነው። ይህን የምትነግረው ሰው በዓለም ላይ አልነበራትም፤ ከአንድ ሰው በቀር። ለአባቷ መንገር ደግሞ ከሁሉም የከፋ ነበር።

ሐሙስ ምሳ ቋጥራ አባቷ ወደሚሠሩበት ካባ ወጣች። ድንጋይ የሚፈነቀልበት ገደል ከእንጦጦ ግርጌ ነው። አቶ ነገሳ መሮና መዶሻቸውን ይዘው፣ ሸራ ወጥረው ከጥላው ሥር ተቀምጠዋል። ለአንድ ጥርብ ድንጋይ ዐሥር ሳንቲም ይከፈላቸዋል። ፊደል አይቆጥሩም፤ ድንጋይ ሲቆጥሩ ግን የሚያታልላቸው የለም። አባይነሽ ይህን ስለምታውቅ ሌሊቱን ብሩን ሁሉ ወደ ድንጋይ ስትመነዝር ነበር ያደረችው።

በልተው እስኪጨርሱ ጠበቀች።

«አባባ፣ አቶ ኃይለጊዮርጊስ እስካሁን ከቤታችን ኪራይ የወሰዱት ዐሥራ ስድስት ሺህ ስምንት መቶ ድንጋይ ነው» አለች። «ያ ሁሉ ተወስዶም የተበደርነው አምስት ሺህ ድንጋይ እንዳለ ነው። እኛ ላምበረት ለክፍሏ የከፈልነው ብቻ ከአምስት ሺህ ይበልጣል።»

አቶ ነገሳ በልባቸው መቁጠር ጀመሩ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀስ ነበር። በቀን ዐሥራ አምስት ድንጋይ ይጠርባሉ፤ እሑዱንና በዓላቱን ቀነሱ፣ ዝናብ የሚያስቀራቸውን ቀን ቀነሱ።

«አራት ዓመት» አሉ በመጨረሻ። እጃቸውን ገልብጠው መዳፋቸውን አዩት። «የአራት ዓመት ሥራዬ ነው።»

አባይነሽ እዚያ ላይ ማቆም ነበረባት ይሆናል፤ ግን የጀመረችውን ሁሉ ካልጨረሰች የምትመለስበት ድፍረት የላትም። ሰማንያው ሳይነካ በወር ዐሥር ብር ቢያስቀምጡ አምስት መቶው በሦስት ዓመት ተኩል እንደሚሞላ ነገረቻቸው። ሰማንያው ለድግስ ከወጣና ሦስት መቶው ከተጨመረ ግን ስምንት መቶ ለመሙላት ወደ ሰባት ዓመት ይወስዳል፤ ኪራዩም እስከዚያ ድረስ እየተበላ ይሄዳል።

የአባቷ ፊት ሲለወጥ አየች።

«እናትሽስ?» አሉ። «እናትሽ ስንት ድንጋይ ናት?»

አቶ ነገሳ መዶሻቸውን አነሱና ጀርባቸውን ሰጧት። ባዶውን የምሳ ዕቃ ይዛ ስትወርድ የመሮው ድምፅ እስከ ታች ድረስ ተከተላት። ሁለት ቀን ሙሉ በዚያች ክፍል ውስጥ እህል ውሃ ብቻ ተቀራረበ እንጂ ቃል አልተለዋወጡም። ክፍሏ ጠባብ ናት፤ ተኮራርፎ ለመቀመጥ አትመችም።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ አቶ ኃይለጊዮርጊስ አንድ ኪሎ ስኳር ይዘው መጡ። ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ለአባይነሽ ነገሩን ያከበደባትም ይኸው ነበር። ስለ ትምህርቷ ጠየቋት፣ መረቋት፣ ወይዘሮ የሺመቤትንም በስም አንስተው ነፍስ ይማር አሉ። ለውሉ ምስክር የሚሆኑት አጎት ሰቦቃና የካባው ባልደረባ በዳዳ ነበሩ። ወረቀቱና ብዕሩ ፊቷ ተቀመጠ። ለአባቷ ፊርማ ወይን ጠጅ ቀለም የነካ ጨርቅ በቆርቆሮ ክዳን ላይ ቀረበላቸው፤ አቶ ነገሳም ሳይቸኩሉ አውራ ጣታቸውን ነክረው ዝግጁ አደረጉ። ልጃቸውን ግን አላዩአትም።

አባይነሽ ቀኑን ጻፈች። የአባቷን ስም ጻፈች። አቶ ኃይለጊዮርጊስ ቃሉን እየነገሯት «ስምንት መቶ ብር» ሲሉ እጇ ቆመ። እናቷን አሰበች፤ ፊታቸው ድሮ እንደሚመጣላት አልመጣላትም። የመጣላት ዳሱ ነበር። በዚያ ሁሉ ሰው መካከል አንድም ሰው አብሯት እንዳልተቀመጠ የዚያን ጊዜ ገና ገባት።

«አባባ፣ እኔ አልጽፍም» አለች ብዕሩን አስቀምጣ። «ሌላ ሰው ይጻፈው።»

አጎት ሰቦቃ ተቆጡ። ለእናቷ ተዝካር እንዲህ የምትል ልጅ ከወዴት መጣች፣ ትምህርት ያሳወቃት ይህን ነው ወይ አሉ። አቶ ኃይለጊዮርጊስ ግን ፈገግ ብለው፣ ችግር የለም፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ደጃፍ በሃምሳ ሳንቲም የሚጽፍ ሰው ይገኛል አሉ። በዳዳ መሬት መሬት ያያል። አቶ ነገሳ ቀለም የነካ ጣታቸውን አየር ላይ እንደያዙ ወደ ልጃቸው ዞሩ።

«ይቅር» አሉ። «ልጄ እንቢ ያለችውን ወረቀት ሌላ ሰው ቢያነብልኝ አላምነውም። የቀድሞው ውል ባለበት ይቆይ፤ አምስት መቶዎን ሞልቼ አመጣለሁ።» ጣታቸውን በነጩ ጋቢያቸው ላይ ጠረጉት።

አጎት ሰቦቃ ሳይመርቁ፣ በሩንም ሳይዘጉ ወጡ።

ሰባት ዓመቱ በኅዳር ደረሰ። ሰማንያው ብር አልተነካም። አቶ ነገሳ ከዚያ ወር ደመወዛቸው ጥቂት አንስተው ሦስት ድፎ ዳቦና አንድ ጋን ጠላ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አስወሰዱ። ካህናቱ ፍትሐት ፈቱ። ከቅጥሩ ሥር የነበሩ አምስት ነዳያን ቀመሱ። በዳዳ መጣ። ከዘመድ ወገን ግን አንድም ሰው አልመጣም፤ ነገሩ በየቤቱ እንደተወራ ግልጽ ነበር። አባይነሽ በየጊዜው ወደ ቅጥሩ በር ትመለከት ነበር፤ አባቷም እንደዚያው ሲያደርጉ ሁለት ሦስት ጊዜ ዓይን ለዓይን ተጋጩ።

ሰው ሁሉ ከሄደ በኋላ አንድ ድፎ ሙሉ ተርፎ ነበር።

«ቅር ብሏት ይሆን?» አሉ አቶ ነገሳ። ከልጃቸው መልስ የሚጠብቁ አይመስሉም ነበር።

ኧረ አይላትም ማለት ቀላል ነበር። እንደዚያ ብትል አባቷ ያን ቀን እፎይ ይሉ ነበር።

«አላውቅም፣ አባባ» አለች።

አቶ ነገሳ ራሳቸውን ነቀነቁ። ጋኑን ሊያነሡ ጎንበስ ሲሉ አባይነሽ የተረፈውን ዳቦ በነጠላዋ ጠቀለለችው። ለአጎት ሰቦቃ ላድርስ አለች። ቤታቸው ዳገቱን ጨርሶ ነው። አባቷ አይከፍቱልሽም አሏት። ይሁን አለች።

በባሕር ዛፉ መሐል ብቻዋን ወጣች። ዳቦው ገና ለብ ያለ ነበር፤ ደረቷ ላይ አጥብቃ ያዘችው። ከአጎት ሰቦቃ በር ስትደርስ ከውስጥ የሰው ድምፅ ይሰማ ነበር።

«ቤቶች!» ብላ ተጣራች።

ድምፁ ጸጥ አለ። ሁለተኛ ተጣራች፤ መልስ የለም። አባይነሽ ዳቦውን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ደጃፉ ላይ ተቀመጠች።